እትዬ ጥሩወርቅ ያዩት

የእትዬ ጥሩወርቅ ልጅ ሳምሶን የደወለልኝ ረፋዱ ላይ ነው። «እማዬ አረፈች» አለኝ። አለቃዬን አስፈቅጄ ከቃሊቲ ታክሲ ይዤ አቃቂ በሰቃ ስደርስ፣ የዕድሩ ድንኳን እስከ አስፋልቱ ወጥቶ መንገዱን ዘግቶታል። በዚያ ሰፈር እንዲህ ያለ ለቅሶ ካየሁ ቆይቻለሁ። አግዳሚው ሁሉ ሞልቶ ወንዶቹ አጥሩን ተደግፈው ቆመዋል፤ ሴቶቹ እስከ ቧንቧው ድረስ ምንጣፍ ላይ ተቀምጠዋል። አስከሬኑ ሲወጣ ሳጥኑን ከፊት የተሸከመው በያጁ ዮናስ ነበር።

ከቀብሩ በኋላ የዕድሩ ሰብሳቢ አቶ ግርማ ጥቂት ቃል ተናገሩ። «እህታችን ጥሩወርቅ ከሰው የማትለይ ሴት ነበረች። ሰፈሩ የተስማማበትን የምትቀበል፣ ሰው በሄደበት የምትሄድ። ማንንም ሳታስቀይም አለፈች» አሉ። ሰው ሁሉ ራሱን እየነቀነቀ አለቀሰ። አቶ ግርማ የተናገሩት ውሸት አይደለም። የመጨረሻዎቹን ዓመታት ብቻ ላየ ሰው እትዬ ጥሩወርቅ ልክ እንደዚያ ነበሩ። እኔ ግን ከዚያ በፊት የነበሩትንም ሴትዮ አውቃለሁ። ስለ እሳቸው የሚያነሳ ሰው ጠብቄ ጠብቄ አጣሁ፤ ለዚህ ነው የምጽፈው።

የተዋወቅነው ቃሊቲ አንድ የትራንዚት ቢሮ ሥራ ባገኘሁበት ዓመት ነው። ከቤታቸው ጋር የተያያዘች አንዲት ክፍል አከራዩኝ። በመካከላችን ያለው ግድግዳ የጭቃ ስለሆነ ሲያስሉ እሰማለሁ፣ ሲጸልዩ እሰማለሁ፤ እሳቸውም ሳነጥስ «ይማርሽ» ይሉኛል። አባታቸው የባቡር ሠራተኛ ነበሩ፤ እትዬ ጥሩወርቅ የተወለዱትም፣ የተዳሩትም፣ ባላቸው የሞተባቸውም እዚያው ግቢ ውስጥ ነው። ዕድሜያቸውን ሙሉ ክር ፋብሪካ ሠርተው ጡረታ ወጥተዋል። የግራ እጃቸውን ጠቋሚ ጣት ጫፍ ማሽን ወስዶታል፤ ሲከራከሩ ታዲያ በዚያች በጎደለች ጣት ነው የሚጠቁሙት።

መከራከርም ይወዱ ነበር። «እኔ ግን» ሳይሉ ውለው አያውቁም። አንድ ጊዜ ሰፈርተኛው በሙሉ ለስኳር በሽታ ያድናል የተባለ ቅጠል እየቀቀለ ይጠጣ ጀመር። ቧንቧ ላይ ሴቶቹ አንዷ ከሌላዋ እየተቀባበሉ ሲያወድሱት እትዬ ጥሩወርቅ እንስራቸውን ሳያነሱ፣ «እኔ ግን ሁለት ቀን ጠጥቼው ሆዴን ነው የቆረጠኝ» አሉ። ሴቶቹ ተኮሳተሩባቸው። እሳቸው ግድ አልነበራቸውም። ባለቤታቸው ከሞቱ በኋላ ቢጫ ሻሽ ማሰራቸውን ሰው ሲያማው፣ «እሱ ራሱ የገዛልኝ ነው፤ ጥቁር ባደርግ ማን መሆኔን ያውቃል?» ይሉ ነበር። እሑድ ከሰዓት ሱቁ በር ላይ ከወንዶቹ መካከል ተቀምጠው ኳስ በሬዲዮ ያዳምጣሉ፤ ቡድናቸው ሲገባበት ዳኛውን ሲሰድቡ ከክፍሌ ሆኜ እሰማቸዋለሁ። በዚያ ሰፈር ሬዲዮ ከበው ከተቀመጡ ወንዶች መካከል ከእሳቸው ሌላ ሴት አይቼ አላውቅም።

አንድ ቀን ቢሮ ውስጥ ሁሉም የተስማሙበትን ነገር እኔ ብቻ ተቃውሜ ከፍቶኝ ስገባ፣ ነገሩን ካወጣጡኝ በኋላ «ልጄ፣ ዓይን የተሰጠው ለየራስ ነው። በተውሶ ዓይን የሚያይ የለም» አሉኝ። ይህን ሲሉኝ ሽንኩርት እየላጡ ነበር፤ ትልቅ ነገር የተናገሩም አልመሰላቸው።

እሳቱ የተነሣው ከዚያ በኋላ በነበረው በጋ ነው።

የግቢያችን አቀማመጥ እንዲህ ነበር። ከመንገዱ ጋር የሚዋሰነው ክፍል የዮናስ ብየዳ ቤት ነው። ዮናስ የአቶ ግርማ ልጅ ነው። ከብየዳ ቤቱ ጀርባ፣ አንድ ሶፋ ሠሪ ስፖንጅ ይከምር ነበር። ከክምሩ በአንድ ወገን የእማማ ጫልቱ ክፍል አለ። እማማ ጫልቱ ፋብሪካዎቹ ሳይመጡ መሬቱን ያርሱ ከነበሩት ቤተሰቦች የቀሩ፣ ከአልጋ የማይነሱ፣ ሰፈሩ ሁሉ የሚወዳቸው አሮጊት ነበሩ። በሌላው ወገን መሰረት ትኖራለች። እኛ መሲ ነው የምንላት። ከክፍለ ሀገር ትንሽ ልጇን ይዛ የመጣች፣ ድንችና እንቁላል ቀቅላ ቃሊቲ ለከባድ መኪና ሹፌሮች የምትሸጥ ተከራይ ነበረች። የልጇን አባት ማንም አያውቀውም። ቀን ቀን ስለማትኖር ለቅሶ አትደርስም፣ ዕድርም አልገባችም። ሰላምታዋ አጭር ነው። ሰው በዚህ ሁሉ ቂም ይዞባት ነበር፤ እሷ ግን የምታውቀው አይመስለኝም።

እሳቱ ሲነሣ ሥራ ላይ ነበርኩ። ከሰዓት በኋላ ስመጣ የእማማ ጫልቱና የመሲ ክፍል ቆርቆሮው ተጣምሞ መሬት ወድቋል። እማማ ጫልቱን ከውስጥ ማውጣት አልተቻለም። እትዬ ጥሩወርቅ ቧንቧው አጠገብ ድንጋይ ላይ ተቀምጠው አገኘኋቸው። ድምፃቸው በጩኸት ተዘግቷል። ምን እንደሆነ ስጠይቃቸው እንዲህ አሉኝ፤

«ልብስ እያጠብኩ ነበር። መሲ ማንደጃዋን አምጥታ እዚህ እግሬ ሥር ከሰሉ ላይ ውኃ ደፋችበት። ቺስ ብሎ አመዱ ተረጨብኝ፤ ተቆጣኋት። ይቅርታ ጠይቃኝ ልጇን አዝላ ድንቿን ይዛ ወጣች። ከወጣች ከቆየ በኋላ ዮናስ መጣ። በጀርባው በር በኩል መበየድ ጀመረ፤ ፍንጣሪው ስፖንጁ ላይ ሲዘንብ አየሁት። ‹አንተ ልጅ፣ ዘወር በል› ብዬ ጮኽኩ። ጭንብሉን እንዳጠለቀ ምን ይሰማኛል? ወዲያው ጥቁር ጢስ ሆነ።»

ቀሚሳቸውን ዘርግተው አሳዩኝ። አመዱ በላዩ ላይ ደርቋል።

ከሰዓታት በኋላ ግን ሰፈሩ ሌላ ወሬ ይዞ ነበር። «የመሲ ማንደጃ ነው፤ ሳታጠፋው ወጥታ ነው» ይባላል። መጀመሪያ ማን እንዳለው አላውቅም። የጠየቅኩት ሰው ሁሉ ከሌላ ሰው ነው የሰማው። አቶ ግርማ ልጃቸውን ለማዳን ተንኮል ሠሩ ብዬም አላምንም። የእያንዳንዱን ቤት አባትና እናት የቀበሩ፣ ታሞ የማይጠይቁት ሰው የሌለ ሽማግሌ ናቸው። በእሳቸውና በአንዲት ተከራይ መካከል መምረጥ ሲመጣ ሰው ምርጫ እያደረገ መሆኑ እንኳ አልታወቀውም።

በእማማ ጫልቱ ሳልስት ማግስት ዕድሩ ተሰበሰበ። እኔም ከእትዬ ጥሩወርቅ ጋር ሄጄ ከኋላ ተቀመጥኩ። አቶ ግርማ ስለ አደጋው ተናግረው ሲጨርሱ፣ «ፖሊስ የሚጠይቀን ነገር ስላለ ያየ ካለ ይናገር» አሉ። አንዱ ተነሥቶ ማንደጃው በር ላይ ሲጨስ ነበር አለ። ሌላው እውነት ነው አለ። ሌላዋም እንደዚያው። እትዬ ጥሩወርቅ ነጠላቸውን ከትከሻቸው አውርደው ወገባቸው ላይ አሰሩና ተነሡ።

«እኔ ግን ያየሁት ሌላ ነው» አሉ። ለእኔ የነገሩኝን አንድም ሳያስቀሩ፣ አንድም ሳይጨምሩ ተናገሩ። ዮናስ መሬት መሬት ያያል።

ሲጨርሱ ማንም አልተቃወማቸውም። ማንም ዋሽተሻል አላላቸውም። ከፊት የተቀመጡ አንድ ሰውዬ፣ «በቃ፣ ሐዘን ላይ ነን፤ ሰው አንለያይ» አሉና ስለ ድንኳኑ ምሰሶዎች መጠገን ወሬ ተጀመረ። እትዬ ጥሩወርቅ ቆመው ቀሩ። ቀሚሳቸውን ጎተት አድርጌ አስቀመጥኳቸው።

መሲ ታሰረች። ፍርድ ቤት የቆሙላት ምስክር እትዬ ጥሩወርቅ ብቻ ነበሩ፤ በሌላው ወገን ግን ምስክሩ ብዙ ነው፣ ሁሉም በአንድ ቃል ነው የሚናገሩት። እኔ ከእትዬ አፍ የሰማሁትን ለመናገር ብጠይቅም፣ ሰማሁ ማለት አይረባም፣ አላየሽም ተባልኩ። በቸልተኝነት ሰው ገድላለች ተብሎ ዓመታት ተፈረደባት። ልጇን እህቷ ከክፍለ ሀገር መጥታ ወሰደቻት።

ከዚያ በኋላ በእትዬ ጥሩወርቅ ላይ የደረሰውን ነገር ስም ለመስጠት ይቸግረኛል። የሰደባቸው የለም። ያስፈራራቸው የለም። ቧንቧ ላይ ሲደርሱ ወሬው ይቆማል፤ «እንደምን አደራችሁ» ሲሉ «እግዚአብሔር ይመስገን» ይባልና እንስራው ይነሣል። የማኅበሩ ጽዋ የእሳቸው ተራ ሲደርስ «ዘንድሮ አይቸግርሽ» ተብለው ታለፉ። ሱቁ በር ላይ ለኳስ ሲቀመጡ ወንዶቹ አንድ በአንድ ጉዳይ እየመጣባቸው ይሄዳሉ፤ አንድ እሑድ ሬዲዮው ፊት ብቻቸውን ተቀምጠው አገኘኋቸው። ቡድናቸው እየመራ ነበር፤ እሳቸው ግን የሚሰሙት አይመስልም።

እኔ ብቻዬን አልበቃኋቸውም። አብሬያቸው እራት እበላ ነበር፣ ግድግዳውን እያንኳኳን እናወራ ነበር፤ ሆኖም እኔ ተከራይ ነኝ፣ መጤ ነኝ። እሳቸው የሚፈልጉት የተወለዱበት ሰፈር እንዲያናግራቸው ነው።

ያንበረከካቸው የሳምሶን ጋብቻ ነው። ሳምሶን ከሳሪስ አንዲት ልጅ ወዶ ሽማግሌ ሊልክ ሲል፣ የልጅቷ ቤተሰቦች በወጉ መሠረት ስለ እናቱ አጠያየቁ። የተነገራቸው መልስ በኋላ ደረሰን፤ «ሴትዮዋ ክፉ አይደለችም፤ ግን ከሰው ጋር አትሄድም።» ልጅቷን ለመስጠት አመነቱ። ሽማግሌ የሚሆን ሰው እንኳ ከሰፈሩ ጠፋ። ያን ዕለት ሳምሶን እናቱን ሲናገራቸው በግድግዳው በኩል ሰማሁ።

«እማዬ፣ መሲ ምንሽ ናት?»

«ምኔም አይደለችም።»

«ታዲያ ለምንሽም ላልሆነች ሰው ብለሽ እኔን?»

«ያየሁትን ነው የተናገርኩት፣ ልጄ።»

«አንቺ ብቻ ነሽ ያየሽው?»

ሳምሶን በሩን ዘግቶ ወጣ።

ብዙ ሳይቆይ አቶ ግርማ ራሳቸው ሁለት ሽማግሌዎች አስከትለው መጡ። እኔ ሻይ እያቀረብኩ ነበር። «ጥሩዬ፣ ያለፈው አለፈ። ሳምሶን የእኔም ልጅ ነው፤ ሽማግሌውም እኔ እሆናለሁ። ይቅር ለእግዚአብሔር እንባባል» አሉ።

እትዬ ጥሩወርቅ «ምን አጠፋሁ?» ሲሉ ጠየቁ።

«ማን አጠፋሽ አለ? ሰላም እንሁን ነው።»

እትዬ ጥሩወርቅ እኔን አዩኝ፣ ከዚያ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን የሳምሶንን ፎቶ አዩ። «ይቅር ለእግዚአብሔር» አሉ። ሽማግሌዎቹ ተነሥተው ትከሻቸውን ሳሟቸው። ቃልሽን ለውጪ ያላቸው የለም። ከዚያ በኋላ ግን ይቅር የተባሉበትን ጥፋት ራሳቸው መፈለግ የጀመሩ ይመስለኛል።

ሠርጉ አማረ። ሰፈሩ ሁሉ ግልብጥ ብሎ መጣ፤ ያን ሁሉ ጊዜ ያላናገሯቸው ሴቶች ወጡን ሠሩ፣ እልል አሉ። እትዬ ጥሩወርቅ እንዲያ ሲደሰቱ አይቼ አላውቅም። ዮናስ ከአንድ ጥግ አንገቱን ደፍቶ ተቀምጦ ነበር፤ በሰው መካከል አልፈው ሄደው በእጃቸው አጎረሱት።

መጀመሪያ የተለወጠው ትንሽ ነገር ነው። አንድ ቀን ስለ እሳቱ ሲነሣ «ጢስ ስለነበር በደንብ አይታይም» አሉ። ሰማኋቸው፤ አላረምኳቸውም። ቆይተው ደግሞ «መሲ ውኃ ስትደፋበት አየሁ፤ ግን ከሰል አይታመንም፣ ውስጥ ውስጡን ይነዳል» አሉ። ከዚያ ውኃውም ቀረ። ሌላውም ነገር አብሮ ሄደ። ቢጫውን ሻሽ አላየሁትም። ለኳስ መውጣት ተዉ፤ «የሴት ነገር አይደለም» አሉኝ። የገዛሁላቸውን ሹራብ ይወዱት እንደሆነ ስጠይቃቸው እንኳ «ሰው ምን ይለዋል?» ብለው መልሰው ይጠይቁኛል። «እኔ ግን» የሚል ቃል ከአፋቸው ከሰማሁ ዓመታት አለፉ።

በአንድ የፋሲካ ማግስት ጎረቤቶች ቤታቸው ተሰብስበው ሳለ፣ አዲስ ለገቡ ተከራዮች ስለ ቃጠሎው ይነግሯቸው ጀመር። «ያቺ ልጅ ከሰሏን እንደ ጋመ በር ላይ ጥላው ወጣች። እኔ ልብስ እያጠብኩ ነበር፣ ነፋሱ ሲያራግበው በዓይኔ አየሁት» አሉ። የሚዋሽ ሰው ሲናገር ይታወቃል፤ እሳቸው ግን ድምፃቸው እየተንቀጠቀጠ፣ ዕንባ እየተናነቃቸው ነው የሚናገሩት። የከሰሉን ፍም ያዩታል። ዮናስም እዚያው ተቀምጦ ነበር። መጠጡን ሳይጨርስ ብርጭቆውን አስቀምጦ ወጣ። ከዚያ ወዲያ ብየዳ ቤቱን ዘግቶ ወደ ገላን ሄደ ሲባል ሰማሁ። በዚያ ግቢ ውስጥ እውነቱን የሚያስታውስ ሰው የቀረ ቢኖር እሱ ይመስለኛል።

ጎረቤቶቹ ሲሄዱ፣ «እትዬ፣ ያን ቀን ለእኔ የነገሩኝ እኮ እንዲህ አልነበረም» አልኳቸው።

«ምን ብዬሽ ነበር?»

«መሲ ከሰሉን በውኃ ስታጠፋ አየሁ ብለውኝ ነበር። አመዱ ቀሚስዎ ላይ ተረጭቶ።»

በሐዘኔታ አዩኝ። «አንቺማ ያን ጊዜ ልጅ ነበርሽ፤ ድንጋጤው ነው ያምታታብሽ» አሉኝ። እንዲያ ሲሉኝ አእምሯቸው ደክሞ አልነበረም። የፋብሪካ ጓደኞቻቸውን ስም እስከ አያት ይቆጥራሉ፤ የእያንዳንዱ ጎረቤት ልጅ በየትኛው በዓል እንደተወለደ ያውቃሉ። የጠፋባቸው ያ አንድ ነገር ብቻ ነው።

እኔ በኋላ ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም ተከራይቼ ገባሁ፤ በየሁለት ሳምንቱ ግን እየሄድኩ እጠይቃቸው ነበር። ልባቸውን ታመው አልጋ ላይ በዋሉበት ወቅት አንድ ቅዳሜ ረፋድ አጠገባቸው ተቀምጬ ሳለ በሩ ተንኳኳ። ስከፍት መሲ ናት። ወዲያው አላወቅኋትም። ከስታለች፣ የፊት ጥርሷ ወልቋል። በእጇ ሙዝ በፌስታል ይዛለች።

«እትዬ ጥሩወርቅ አሉ?» አለችኝ። «ከተፈታሁ ወራት ሆነኝ፤ ለመምጣት አቅም እስካገኝ ነው።»

ስለ ልጇ ጠየቅኋት። አብራት እንዳልሆነች፣ አክስቷን እናቴ እያለች እንዳደገች፣ እሷን ስታይ እንደምትደበቅ በአጭሩ ነገረችኝ። እንዳትገባ ልነግራት ፈለግኩ፤ ግን ምን ብዬ? ገባች። አልጋው አጠገብ ተንበርክካ የእትዬን ጉልበት ሳመች።

«እትዬ፣ እኔ ነኝ፣ መሲ። ላመሰግንዎት ነው የመጣሁት። እዚያ ውስጥ ሁሉም ጥፋትሽን እመኚ፣ ይቀልልሻል ይሉኝ ነበር። አንዳንዴ እኔም ልቤ ይከዳኛል። ያን ጊዜ ‹እትዬ አይታለች› እላለሁ። በእርስዎ ነው ያላበድኩት።»

እትዬ ጥሩወርቅ ረጅም ጊዜ አዩዋት። ከዚያ እጃቸውን ራሷ ላይ አደረጉ።

«ልጄ» አሉ፣ በርኅራኄ፤ «እግዚአብሔር ይቅር ይበልሽ። እኛም ይቅር ብለንሻል።»

መሲ ቀና ብላ አየቻቸው። የሚቀልዱ እንዳይደሉ፣ የሚፈሩት ሰውም በቤቱ እንደሌለ ገባት። ሙዙን ወንበሩ ላይ አስቀምጣ ወጣች።

ተከትያት ወጥቼ የግቢው በር ላይ ደረስኩባት። ፊቷ አመድ መስሏል።

«እኔ እሆን እንዴ?» አለችኝ።

«አይደለሽም» አልኳት። «መሲ፣ አይደለሽም። ያን ቀን ራሳቸው ነግረውኛል።»

«አንቺ አላየሽም» አለች። «ያዩት እሳቸው ናቸው።» ጥቂት ቆማ የተቃጠለው ክፍሏ የነበረበትን ቦታ አየች፤ አሁን በብሎኬት ተሠርቶ ሌላ ሰው ይኖርበታል። «ውኃ የደፋሁ ይመስለኝ ነበር» አለችኝና ወደ ታክሲው ሄደች። ከዚያ ወዲህ አላየኋትም።

ተመልሼ ስገባ እትዬ ጥሩወርቅ ትራሳቸው ላይ ቀና ብለዋል።

«ለምን ነበር የምታመሰግነኝ?» ሲሉ ጠየቁኝ።

አጠገባቸው ተቀመጥኩ። ያን ከሰዓት በኋላ ቧንቧው አጠገብ የነገሩኝን ሁሉ በራሳቸው ቃል መልሼ ነገርኳቸው፤ ማንደጃውን፣ አመዱን፣ ፍንጣሪውን፣ ዮናስን። አላቋረጡኝም። የሌላ ሰው ታሪክ እንደሚሰማ ሰው ጸጥ ብለው አዳመጡኝ።

«ይህን በሰው ፊት ተናግሬያለሁ?»

«አዎ። ዕድሩም ላይ፣ ፍርድ ቤትም።»

«ሌላ ማን እንዲህ አለ?»

«ማንም። እርስዎ ብቻ ነበሩ።»

ዓይናቸውን ጨፍነው ቆዩ። ግንባራቸው ላይ ያለው መስመር ሲጠብቅ አየሁ፤ አንድ አፍታ የሆነ ነገር የሚመጣላቸው መሰለኝ። ከዚያ ፊታቸው ፈታ አለ፣ ሸክም እንዳወረደ ሰው።

«ብቻዬን ከነበርኩማ ተሳስቼ ነው» አሉኝ። ጋቢያቸውን ወደ ላይ ሳብ አደረጉና ሙዙን ለጎረቤት ልጆች እንዳከፋፍለው ነገሩኝ።